«ከእናንተ ግቢ ነው የመጣው» አልኳቸው

ጤና ይስጥልኝ እህቴ፣

የምኖረው ደሴ፣ ገራዶ አካባቢ ነው። ባለትዳርና የአንዲት የሦስት ዓመት ልጅ እናት ነኝ። የማማክርሽ ነገር ለሌላ ሰው ትንሽ ሊመስል ይችላል፤ የሣር ጉዳይ ነው። እኔን ግን እንቅልፍ ነስቶኛል።

በ2014ቱ ጦርነት ከቤታችን ወጥተን ነበር። ስንመለስ ግቢው የኛ አልመስልሽ አለኝ። ኑሮ ትንሽ ሲረጋጋ፣ የዛሬ ሁለት ዓመት፣ ባለቤቴ «እስቲ ሣር እንትከልና ቤት ይምሰል» አለ። ከውጭ አፈርና ፍግ በጋሪ አስመጣን። አንድ አትክልተኛ ለስላሳ ሣር ቆንጥሮ ቆንጥሮ ተከለልን። ስሙን አልጠየቅነውም። ስምንት ሜትር በስድስት ነው፣ ትልቅ አይደለም። ግን ልጄ የምትንከባለለው፣ እኛም ቡና የምንጠጣው እዚያ ላይ ነው።

አምና ክረምት መሃሉ ላይ፣ ከበሩ ፊት ለፊት፣ ሌላ ዓይነት ሣር ብቅ አለ። ቅጠሉ ቀጠን ያለ፣ ጠንካራ፣ አረንጓዴው ወደ ግራጫ የሚያደላ ነው። ነቀልኩት። በሳምንቱ ተመለሰ። ዘንድሮ ደግሞ እንደ ገመድ እየተዘረጋ፣ በየአንጓው ሥር እየሰደደ ግማሹን ያዘው። ስስበው ይበጠሳል፣ ታች እንደ መርፌ የሾለ ነጭ ነገር ይቀራል። ጫፉ ላይ የወፍ እግር የመሰለ፣ አራት አምስት ጣት ያለው ነገር ያወጣል። በጋ ላይ እሱ ያለበት ቦታ ብቻ ገለባ ይመስላል።

አሁን ወደ ጉዳዬ ልምጣ። አጥር የምንጋራቸው እትዬ አሉ። የእናቴ እኩያ ናቸው። በዚያ በክፉ ጊዜ እሳቸው ቀርተው ነበር፤ የቤታችን ቁልፍ እሳቸው ጋ ነበር። በግ ያረባሉ፣ ግቢያቸውም በዚሁ ሣር የተሞላ ነው። የዛሬ ወር አካባቢ ቡና ላይ ሌሎች ጎረቤቶችም ባሉበት ሣሩን አይተው «ይቺ ደሞ ከየት መጣች?» ብለው ሳቅ አሉ። እኔ ስነቅል ውዬ ወገቤ ተቆርጧል። «ከእናንተ ግቢ ነው የመጣው እንጂ ከየት ይመጣል!» አልኳቸው። ዝም አሉ። ቶናውን ጠጥተው፣ በረካውን ሳይጠብቁ ተነሱ። ከዚያ ወዲህ ደጄን ረግጠው አያውቁም።

ባለቤቴ «የአረም መድኃኒት ገዝቼ ሙልጭ አደርገዋለሁ፣ አጥሩ ሥር ያለውንም ጭምር» እያለ ነው። እኔ ፈራሁ። ሣሩ ምንድነው? እውነት ከሳቸው ነው የመጣው? ምን ላድርግ?

ግራ የገባኝ፣ ከደሴ


እህቴ፣

ደብዳቤሽን ደጋግሜ አነበብኩት። መጀመሪያ ያነበብኩት ለሣሩ ነው፤ ከዚያ ለበረካው። እኔም የሐይቅ ልጅ ነኝ። አንድ ወሎዬ እናት በረካ ሳይጠጡ ሲነሱ ምን ማለት እንደሆነ አውቃለሁ። ነገርሽ ትንሽ አይደለም። ያ ሣር ከተመለሳችሁ በኋላ በገዛ እጃችሁ ወደ መሬት ያስገባችሁት የመጀመሪያ ነገር ነው። መሃሉ ላይ ሌላ ነገር ሲበቅልበት ሆድሽ ቢብስ አልፈርድብሽም።

ከሣሩ ልጀምር፤ ምክንያቱም የሰዎቹም ነገር እሱ ላይ ነው የተንጠለጠለው።

እንደገለጽሽው ከሆነ ያ ሣር ሰርዶ ነው። ይህን ለማለት የደፈርኩት በወፍ እግሩ ነው። ከአንድ ነጥብ ላይ እንደ ጣት የሚዘረጉ ከሦስት እስከ ሰባት ቀጫጭን ዘንጎች፣ መሬት ለመሬት የሚሳብ ገመድ፣ በየአንጓው የሚሰደድ ሥር፣ ከታች ደግሞ ያ የሾለ ነጭ ነገር፣ አንድ ላይ ሲገኙ ሰርዶ ናቸው። በሳይንሳዊ ስሙ ሳይኖዶን ዳክታይሎን ይባላል። የመጀመሪያው ቃል «የውሻ ጥርስ»፣ ሁለተኛው «ጣት» ማለት ነው። ጣቱን አይተሻል። ጥርሱ ደግሞ ስትነቅዪ ጥፍርሽ ሥር የሚወጋሽ ያ ነጭ ሹል ነው።

በጋ ላይ ገለባ መምሰሉም ይህንኑ ይነግረኛል። ሰርዶ ሙቀትና ፀሐይ ወዳድ ነው። እንደ ደሴ ባለ ደጋ፣ የኅዳርና የታኅሣሥ ብርድ ከድርቁ ጋር ሲመጣበት ከላይ ይደርቃል። ሞቷል ብለሽ ታስቢያለሽ። አልሞተም፣ መሬት ውስጥ ተኝቷል። የበልግ ዝናብ ጠብ ሲል ከማንም ቀድሞ ይነሳል። ከርሞ ከርሞ የሚመለስ ሣር ስለሆነ ነው፣ አምና የነቀልሽው በሳምንቱ የተመለሰልሽ። አንዲት አንጓ ያለባት ቁራጭ መሬት ውስጥ ከቀረች ትበቃዋለች።

እንዲያም ሆኖ በኔ ቃል ብቻ ዶማ እንድታነሺ አልፈልግም። ነገ ጠዋት ፀሐይ ሳይበረታ ወደ ሣሩ ውረጂና ተንበርከኪ። ልጅሽንም ያዣት፣ ደስ ይላታል። ጣት ካወጡት መካከል አንዱን ከነሥሩ ቀስ ብለሽ ንቀዪ። ቅጠሉ ግንዱን ጠቅልሎ የሚይዝበትና ወደ ውጭ የሚታጠፍበት ቦታ አለ አይደል? እዚያ ላይ ቅጠሉን ወደ ኋላ ለጠጥ አድርጊውና ከውስጥ በኩል ተመልከቺ። ዓይንሽ ካልያዘልሽ በስልክሽ ካሜራ አቅርበሽ አንሺው። እንደ ዓይን ሽፋሽፍት የተደረደረ አጭር ነጭ ፀጉር ካየሽ ሰርዶ ነው። በፀጉሩ ፋንታ እንደ ሽንኩርት ልጣጭ ስስ ሽፋን ካየሽ፣ ጣቶቹም ከአንድ ነጥብ ሳይሆን አንዱ ከአንዱ በላይ በዘንጉ ላይ ተበታትነው ከወጡ፣ እሱ ሌላ ነው። ዲጂታሪያ አቢሲኒካ የሚባል፣ የድሮ ስማችንን የተሸከመ የደጋ ሣር አለ። እሱም መሬት ውስጥ እየሄደ የሚያስቸግር ነው።

ከዚያ ግንዱን በሁለት ጣትሽ መሃል አሽከርክሪው። ሰርዶ ክብ ወይም ትንሽ ጠፍጠፍ ያለ ነው። ሦስት ማዕዘን ሆኖ ጠርዙ ጣትሽን ከነካሽ ሣር ሳይሆን እንግጫ ነው። የእንግጫ መድኃኒቱ ሌላ ነው፤ ከሥሩ እንደ ለውዝ ያለች ፍሬ አለችና እሷን ተከትሎ ማውጣት ይጠይቃል።

አንድ ነገር ደግሞ ልጠይቅሽ። አትክልተኛው የተከለላችሁ ሣር ራሱ ምን ነበር? ቅጠሉ ሰፋ ያለ፣ ለስለስ ያለ ፀጉር ያለው፣ ገመዱ እንደ እርሳስ የወፈረ፣ ዘለላ የማያወጣ ከሆነ ኪኩዩ ሊሆን ይችላል። የኪኩዩ አበባ ቅጠሉ ውስጥ ተደብቆ ስለሚቀር ጠዋት ላይ የምታዪው ነጭ ክር ክር ብቻ ነው። ይህን የምጠይቅሽ በከንቱ አይደለም። ኪኩዩ የምሥራቅ አፍሪካ ደጋ ሣር ነው፣ በደሴ ብርድ ጉልበት አለው። ሳይታጨድ ረዘም ብሎ ከተተወ ሰርዶን ጥላ ያለብሰዋል፤ ሰርዶ ደግሞ ጥላ አይችልም። በየሳምንቱ መሬት እስኪነካ የምታጭዱት ከሆነ ግን ለሰርዶ ፀሐዩን የከፈታችሁለት እናንተው ናችሁ። አራት ጣት ያህል ቁመት ተዉለት።

አሁን ወደ ከባዱ ጥያቄሽ ልምጣ። ከሳቸው ግቢ ነው ወይ የመጣው?

የራስሽን ደብዳቤ መልሰሽ አንብቢው። መጀመሪያ ያየሽው መሃሉ ላይ፣ ከበሩ ፊት ለፊት ነው። ሰርዶ ከጎረቤት ሲመጣ በአጥር ሥር እየተሳበ ነው የሚገባው። ቀድሞ የሚታየው አጥሩ ዳር ነው፣ ከዚያ ስንዝር በስንዝር ወደ ውስጥ ይገፋል። ያንቺ ግን መሃል ላይ ተነስቶ ነው ወደ ዳር የሄደው። በዚያ ላይ አፈርና ፍግ ከውጭ በጋሪ አስመጥታችኋል። ሰርዶ የሚጓዘው እንዲህ ነው። በአፈር ውስጥ በተቆራረጠ ሥሩ፣ በፍግ ውስጥ ከብት በልቶ ባወጣው ዘሩ፣ አንዳንዴም በአትክልተኛ ዶማ ላይ በተጣበቀ ጭቃ ይመጣል። ደግሞ ማን ያውቃል፣ ቤቱ ከመሠራቱ በፊት ያ መሬት እርሻ ወይም ግጦሽ ከነበረ እዚያው ተኝቶ ይሆናል። ገራዶ ሜዳ ላይ ሰርዶ እንግዳ አይደለም።

በኔ ሚዛን እትዬ ነጻ ናቸው። አጥር ለአጥር ያለው ወደፊት ሊሻገር ይችል ይሆናል። ግቢሽ መሃል የበቀለው ግን ከጋሪው የወረደ ይመስለኛል።

ይህን ስታነቢ ሆድሽ ሊባባ ይችላል። በራስሽ ላይ ግን አትክረሪ። ስነቅል ውዬ ወገቤ ተቆርጧል ብለሻል፤ ደክሞሽ ነበር። የሳቸው ሳቅ ያሾፉብሽ መስሎሽ ይሆናል። እኔ ግን ሌላ ነገር ነው የታየኝ። ባላገር ውስጥ ያደገ ሰው ሰርዶን በቅምጥል ግቢ መሃል ሲያገኘው የልጅነት ጓደኛውን ያገኘ ያህል ነው። «ይቺ ደሞ ከየት መጣች?» ያሉት ናፍቀዋት ቢሆንስ? በሰው ፊት መሆኑ ነው ነገሩን ያከበደው። ቁልፍ አደራ የተሰጣቸው፣ አደራውንም የጠበቁ እናት፣ በሰው ፊት ችግር ያመጡ ሆነው ቀሩ። ቅያሜያቸው ከዚህ ይመስለኛል።

ስለዚህ ሽማግሌ አትላኪ። ነገሩን አታሳድጊው። ልጅሽን ይዘሽ፣ ቡና የሚፈላበትን ሰዓት ጠብቀሽ ራስሽ ሂጂ። ሣሩን በማስረዳት አትጀምሪ። አፈር ነው፣ ጋሪ ነው ማለት መጀመሪያ ላይ ራስን መከላከል ይመስላል። «እትዬ፣ አፉ በሉኝ። ደክሞኝ ነበር፣ በሰው ፊት አንቱን ተናገርኩ። ሣሩም ከእናንተ አልመጣም» በይያቸው። ከዚያ ዝም በይ። እሳቸው ይናገሩ። ቢቆጡ ይቆጡ፣ መብታቸው ነው። ወዲያው ባይፈቱ በሁለተኛው ቀን ተመለሺ። ያን ቀን በሰው ፊት የነበሩት ጎረቤቶችም መስማት አለባቸው። በሚቀጥለው ቡና ላይ፣ እሳቸው ባሉበት፣ «የወቀስኳቸው በከንቱ ነው» ማለት አለብሽ። ይሄኛው ከመጀመሪያው ይከብድሻል፤ ግን የተጎዱት በሰው ፊት ስለሆነ በሰው ፊት ነው የሚጠገነው።

ሲቀሉልሽ አንድ ነገር ጠይቂያቸው፤ ሰርዶን እንዴት እንደሚያጠፉት። በርግጠኝነት ያውቃሉ።

እኔ የማውቀውን ደግሞ ልንገርሽ። አባቴ በሬ ጠምዶ ሲያርስ እኛ ልጆቹ ከኋላ ከኋላው እየተከተልን ሰርዶ እንለቅም ነበር። ማረሻው የገለበጠው ጓል ውስጥ ነጩ ሥር እንደ ሽቦ ተጠላልፎ ይታያል። ጓሉን በእጃችን እንፈረክሳለን፣ እናራግፋለን፣ ድንበር ላይ እንከምራለን። ፀሐይ ሲመታው ሰንብቶ፣ ስትሰብሪው ቀጭ ሲል ይቃጠላል። አባቴ ይህን ሥራ በዝናብ አይነካትም ነበር። እርጥብ መሬት ላይ ቆርጦ መተው መትከል ነው ይል ነበር፣ እውነቱንም ነው።

ያንቺም ጊዜ እየመጣ ነው። ጥቅምት ወጥቶ መሬቱ ጠፈፍ ሲል ጀምሩ። ስምንት በስድስት ሜትር በሁለት ቅዳሜና እሁድ ያልቃል። መጀመሪያ ሰርዶ የያዘውን ቦታ በእንጨት ችካል ክበቢው፤ አሁን አረንጓዴ ሳለ ነው ወሰኑ የሚታየው፣ ሲደርቅ ይጠፋሻል። ከችካሉ ስንዝር ወጣ ብላችሁ ቆፍሩ። ብዙው ሥር ከላይ አንድ ስንዝር ጥልቀት ውስጥ ነው፣ አፈሩ የላላ ከሆነ ግን ወደ ታች ይወርዳል። አካፋ ሥሩን ይቆራርጠዋል፤ ባለ ሹካ መቆፈሪያ ካገኛችሁ ይሻላል። ጓሉን በእጅ ፈርክሱ። ነጩን በሙሉ ልቀሙና ቆርቆሮ ላይ አስጡት። ፍግ ጉድጓድ ውስጥ እንዳትጥሉት፣ በሚቀጥለው ዓመት ራሳችሁ መልሳችሁ ትዘሩታላችሁ። አጥሩ ሥር ደግሞ አሮጌ ቆርቆሮ ቆርጣችሁ ሁለት ስንዝር ያህል ቅበሩ። ይህን ከማድረግሽ በፊት ግን ለእትዬ ንገሪያቸው። ሳይነገራቸው አጥር ሥር ቆርቆሮ ሲቀበር ቢያዩ ሌላ ቅያሜ ነው።

ከላይ ያለውን አረንጓዴውን ደግሞ ከመቆፈራችሁ በፊት እጨዱትና ለበጎቻቸው ውሰጂላቸው። ሰርዶ ለከብት ምርጥ ሣር ነው። «እኔ ከሞትኩ ሰርዶ አይብቀል አለች አህያ» የተባለውም የእንስሳ ሁሉ ምኞት ስለሆነ ነው። አንድ ሸክም ሰርዶ ይዘሽ በራቸውን ስታንኳኪ ሌላ ማብራሪያ ላያስፈልግሽም ይችላል።

ለዚህም ነው የባለቤትሽ መድኃኒት ያላማረኝ። ሐሳቡን አልንቀውም፤ አንቺ ስትደክሚ አይቶ ሊያሳርፍሽ ነው። ነገር ግን ሣርን ሁሉ የሚገድለው መድኃኒት፣ ግላይፎሴት የሚባለው፣ ሰርዶን ከተከላችሁት ሣር አይለይም። በቅጠል ገብቶ እስከ ሥር ይወርዳል፣ ሁለቱንም ያደርቃል። የሦስት ዓመት ልጅ የምትንከባለልበት ቦታ ነው። አጥሩ ሥር ከረጨ ደግሞ ነገ የእትዬ በግ አፉን ያስገባበታል። አንድ በግ ብትታመም፣ ምክንያቱ ሌላ ቢሆን እንኳ፣ ያ ነገር በአንቺና በሳቸው መካከል ይቀራል። ለባለቤትሽ ይህን ብቻ ንገሪው፣ ይበቃዋል። አይሆንም፣ የግድ ነው ካለ፣ አጥሩን አይንካ። ጽሑፍ በሌለው ጠርሙስ የሚሸጥ ነገር አይግዛ። የሣሩን ናሙና ይዞ መጀመሪያ የግብርና ባለሙያ ያማክር። ነፋስ በሌለበት ሰዓት፣ በሰርዶው ቅጠል ላይ ብቻ በብሩሽ ይቀባ፤ ልጅቷም እስከተጻፈው ጊዜ ድረስ አትውጣ። እኔ ብሆን ግን ዶማውን ነው የምይዘው።

ሌላም መንገድ አለ፣ ላንቺ ይከብድሽ ይሆናል እንጂ። ልትተዪውም ትችያለሽ። በሞቃት አገሮች ይህንኑ ሰርዶ፣ በርሙዳ ሣር ብለው፣ ለኳስ ሜዳ ይተክሉታል፤ ሲረገጥ ይችላል፣ ውሃ ሲጠፋ ይችላል። ውሃ በፈረቃ በሚመጣበት ቤት ይህ ቀላል ነገር አይደለም። ጉዳቱ በበጋ መገርጣቱና ልስላሴው ማነሱ ነው። ልጅሽ ስትወድቅ ጉልበቷን ትንሽ ይከረክራታል። ለአንቺ ግን ያ ሣር ሣር ብቻ እንዳልሆነ ገብቶኛል። ስለዚህ አልገፋሽም። ከባለቤትሽ ጋር ቁጭ ብላችሁ፣ በየዓመቱ ሁለት ቅዳሜና እሁድ ልንሰጠው እንችላለን ወይ ብላችሁ ተነጋገሩ። በአንድ ቁፋሮ አያልቅምና አንዱ ብቻውን እንዳይሸከመው።

ከቆፈራችሁ በኋላ የተራቆተውን ቦታ ባዶ አትተዉት፤ ፀሐይ የሚያገኝ ባዶ መሬት ሰርዶን ይጠራል። ከቀረው ከራሳችሁ ሣር ቆንጥራችሁ ትከሉበት። ያለ ውሃ ስለማይጸድቅ እስከ በልግ መጠበቅ ይሻላል። እስከዚያ በጥቁር ላስቲክ ሸፍኑትና ዳሩን በድንጋይ ተጫኑት።

የበልጉ የመጀመሪያ ዝናብ በጣለ በሳምንቱ ውጪና ቦታውን ዙሪ። የቀረች ቁራጭ ካለች ያን ጊዜ ቀጥ ብላ ትወጣለች፣ ጣት ሳታህል ከነነጯ ትነቀላለች። ስንት እንዳገኘሽ ጻፊልኝ። እትዬም አብረው ከወጡ፣ ምን እንዳሉ ጨምረሽ ጻፊልኝ።